ፖሊስ አቤቱታዬን ሳይመዘግብ ሦስት ወር ሊሞላ ነው፤ ወዴት ልሂድ?

አናጺው (መጋቢት 3)

ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ጎንደር ነው፤ ትንሽ የእንጨት ሥራ ቤት አለችኝ። ታኅሣሥ 8 ሌሊት የሥራ ቤቴ በር ቁልፍ ተገንጥሎ አንድ የኤሌክትሪክ መላጊያ፣ ሁለት መሰርሰሪያና አንድ ክብ መጋዝ ተወሰደብኝ። በማግሥቱ ጧት በአቅራቢያዬ ላለው ፖሊስ ጣቢያ አመለከትሁ። የጣቢያውን ስም አልጠቅስም። ተረኛው ፖሊስ በጥሞና ሰምቶኝ ስሜንና ስልኬን በቁራጭ ወረቀት ላይ ጻፈና «እንደውልልሃለን» ብሎ አሰናበተኝ።

ታኅሣሥ 12 ቀን መላጊያዬን ቅዳሜ ገበያ ውስጥ በአንድ በማውቀው ልጅ እጅ ላይ አየሁት። የእኔ መሆኑን የለየሁት ዕቃዎቼን ሁሉ እጀታቸው ላይ በጋለ ሚስማር የስሜን የመጀመሪያ ፊደል ስለምተኩስባቸው ነው። ከየት እንዳመጣው ስጠይቀው በያዘው የመዶሻ እጀታ ቅንድቤን መታኝና ዕቃውን ይዞ ሄደ። ቁስሉ ሁለት ጊዜ ተሰፍቷል። ያንኑ ዕለት ወደ ጣቢያው ተመልሼ የልጁን ስምና ሰፈር ብናገርም፣ ለሕክምና ማስረጃ የሚሆን ደብዳቤ እንኳ አልተጻፈልኝም። ከዚያ ወዲህ ሰባት ጊዜ ተመላልሻለሁ። አንዱ ተረኛ ለሌላው ይመራኛል፤ መዝገብ የሚባል ነገር ስለመከፈቱ የሚያውቅ ሰው አላገኘሁም።

ከጠየቅኋቸው ሰዎች አንዱ «ጉቦ ካልሰጠህ አይሆንም» ይላል፤ ሌላው «ባሕር ዳር ሄደህ ጩህ» ይላል። እኔ የምፈልገው ሕጉ ምን እንደሚል ማወቅ ነው። ፖሊስን ራሱን ከስሼ ሥራውን እንዲሠራ ማስገደድ እችላለሁ?

የሦስተኛ ዓመት ተማሪ (መጋቢት 3)

የደረሰብዎት ነገር ያሳዝናል። እኔ እንደማስበው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ለእርስዎ ጉዳይ መንገድ ሊከፍት ይችላል፤ ምክንያቱም የአስተዳደር ተቋም ውሳኔ ሳይሰጥ ሲቀር አቤቱታ አቅራቢው ፍርድ ቤት ሊያስከልሰው እንደሚችል ይደነግጋል። በተጨማሪም የጎንደር ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ለአቅመ ደካሞች ነፃ የሕግ ድጋፍ ስለሚሰጥ ማመልከቻ ለማስጻፍ ወደዚያ ቢሄዱ መልካም ነው።

ቀድሞ ዐቃቤ ሕግ (መጋቢት 4)

ስለ ነፃ የሕግ ድጋፉ የተባለው ትክክል ነው፤ ስለ አዋጁ ግን ላርም። አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የተዘረጋው ለፌዴራል ተቋማት ነው። የክልል ፖሊስ ደግሞ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 52 መሠረት በክልሉ የሚቋቋምና የሚመራ ስለሆነ፣ ያንን አዋጅ ይዞ ጎንደር ላይ መከራከር ጊዜ ማባከን ይሆናል። ተማሪው ግን አይዘን፤ ዕድሜ ልካቸውን በጥብቅና የኖሩ ሰዎችም ይህንን ሲሳሳቱ አይቻለሁ።

አሁን ወደ አናጺው ልመለስ። ከሁሉ አስቀድሜ የምነግርዎ አስቸኳይ ነገር አለ። የደረሰብዎት ሁለት የተለያየ ወንጀል ነው፤ በሕግ ዓይን ደግሞ ሰዓታቸው አንድ አይደለም። ስርቆቱ ማንም ሰው ሊጠቁመውና መንግሥት በራሱ ሊያስከስሰው የሚችል ወንጀል ስለሆነ ቶሎ በይርጋ፣ ማለትም ጊዜ በማለፉ፣ አይታገድም። ድብደባው ግን በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 556 ንዑስ አንቀጽ 1 ሥር የሚወድቅ ቀላል የአካል ጉዳት ነው ከተባለ፣ የሚያስቀጣው በተበዳዩ የግል አቤቱታ ብቻ ነው፤ አንቀጽ 213 ደግሞ እንዲህ ያለው አቤቱታ ተበዳዩ ድርጊቱን ወይም አድራጊውን ካወቀበት ቀን ጀምሮ በሦስት ወር ውስጥ መቅረብ እንዳለበት ያዝዛል። የተመቱት ታኅሣሥ 12 ከሆነ መጋቢት 12 ይሞላል ማለት ነው። ስምንት ቀን ቀርቶዎታል።

«ያኔውኑ ተናግሬያለሁ እኮ» እንደሚሉ አውቃለሁ። ተናግረዋል፤ ነገር ግን የተናገሩት በቁራጭ ወረቀት ላይ ቀርቷል። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 14 ለፖሊስ የሚቀርብ ክስ ወይም አቤቱታ በጽሑፍ እንዲሰፍር፣ ለአቅራቢው እንዲነበብለትና ቀን ተጽፎበት እንዲፈረም ይጠይቃል። የእርስዎ ፊርማ ያረፈበት ወረቀት ከሌለ ነገ የተከሳሽ ጠበቃ «አቤቱታው ከጊዜው በኋላ የቀረበ ነው» ብሎ ሲቃወም ዐቃቤ ሕጉ የሚያሳየው ነገር አይኖረውም። በመዶሻ እጀታ መመታትዎ ነገሩን ከግል አቤቱታ ሊያወጣው ይችላል፤ ምክንያቱም ጉዳት ሊያደርስ በሚችል መሣሪያ የተፈጸመ ከሆነ ከንዑስ አንቀጽ 1 ይከብዳል። ይሁንና የወንጀሉን ዓይነት የሚወስኑት እርስዎ ስላልሆኑ በዚህ ተስፋ አድርገው ሦስት ወሩን እንዳያሳልፉ።

ስለዚህ ዛሬውኑ ማመልከቻ በሁለት ቅጂ ያዘጋጁ። ቀኑን፣ ቦታውን፣ የተወሰዱትን ዕቃዎች ከነምልክታቸው፣ የልጁን ስምና የሚገኝበትን ሰፈር፣ ያዩ ሰዎችን ሙሉ ስም፣ ከዚህ በፊት ወደ ጣቢያው የሄዱባቸውን ቀናት በሙሉ ይጻፉ። አድራሻውን ለጣቢያው ኃላፊ ያድርጉና ለወረዳው ዐቃቤ ሕግ ግልባጭ ያድርጉ። ለተረኛ አይስጡት፤ መዝገብ ቤት ገቢ ያስደርጉና የገቢ ቁጥሩንና ማኅተሙን በእጅዎ በሚቀረው ቅጂ ላይ ያስመቱ። መዝገብ ቤቱ አልቀበልም ካለ በቀጥታ ወደ ዐቃቤ ሕጉ ይውሰዱት። የሥነ ሥርዓቱ ሕግ አቤቱታን ለዐቃቤ ሕግም ማቅረብ ስለሚፈቅድ፣ ቀኑ እንደተጠበቀ ይቆጠርልዎታል።

ፖሊስን ከስሶ ማስገደድ ይቻላል ወይ ላሉት፣ ዝም ያለ ፖሊስን በቀጥታ ፍርድ ቤት አቅርቦ «መርምር» የሚል ትእዛዝ ለማሰጠት የሚያስችል የተለየ መንገድ በሥነ ሥርዓቱ ሕግ ውስጥ አልተዘረጋም። ሕጉ የፖሊስን ሥራ እንዲቆጣጠር ያደረገው ዐቃቤ ሕግን ነው። በአንቀጽ 8 መሠረት ዐቃቤ ሕግ ለፖሊስ ትእዛዝ ይሰጣል፤ ሥራውን በሕግ መሠረት ማከናወኑንም ይከታተላል። አንቀጽ 22 ደግሞ ፖሊስ ወንጀል መፈጸሙን ባወቀ ወይም በጠረጠረ ጊዜ ምርመራ የማድረግ ግዴታ ይጥልበታል፤ የደረሰው ወሬ አጠራጣሪ መስሎ ቢታየው እንኳ መመርመሩን እንዲተው አይፈቅድለትም። ይህን ሁለተኛ ሐረግ በማመልከቻዎ ውስጥ ያስገቡት፤ ብዙ ጣቢያ የሚያውቀው የመጀመሪያውን ብቻ ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ልብ ይበሉ። ዝምታ ይግባኝ አይባልበትም። ፖሊስ ምርመራውን ጨርሶ መዝገቡን ለዐቃቤ ሕግ ሲልክ ግን፣ ዐቃቤ ሕጉ በአንቀጽ 38 መሠረት ወይ ክስ ያቀርባል፣ ወይ ተጨማሪ ምርመራ ያዝዛል፣ ወይ ክስ አላቀርብም ይላል፤ አላቀርብም ካለ ምክንያቱን በጽሑፍ መስጠት አለበት። የሚከራከሩበት ያ ወረቀት ነው። የእስካሁኑ ድካምዎ ፍሬ ያላፈራው ፖሊስ ክፉ ስለሆነ ብቻ ሳይሆን ሰባቱም ምልልስዎ አንድ ወረቀት ስላልወለደ ነው።

መርማሪ ነኝ (መጋቢት 4)

የምናገረው በግሌ ነው። የተባለውን አልቃወምም፤ አቤቱታ ሳይመዘግቡ ሰውን ማመላለስ ስህተት ነው። ነገር ግን ከውስጥ ሲታይ የሚሆነውን ብነግራችሁ ይጠቅም ይሆናል። መዝገብ አንዴ ከተከፈተ በእያንዳንዱ ሪፖርት ላይ «ያልተቋጨ» ተብሎ የሚቆጠረው በመርማሪው ስም ነው። ተጠርጣሪ የማይታወቅበት ስርቆት ሲመጣ ተረኛው «ይህ የትም አይደርስም» ብሎ ሲያስብ መመዝገቡን ያዘገያል። በክልላችን ያለው የጸጥታ ሁኔታም የሰው ኃይላችንን ወደ ጥበቃ ሥራ ወስዶታል። ይህ ምክንያት ነው እንጂ ማስተባበያ አይደለም።

አናጺው እንዲህ ቢያደርጉ መርማሪ እምቢ ለማለት ይቸገራል፦ የተገነጠለውን ቁልፍ ካልጣሉት ይዘው ይምጡ፤ ዕቃው የተገዛበት ደረሰኝ ካለ ያቅርቡ፤ ደረሰኝ ከሌለ በዚያ መሣሪያ ሲሠሩ ያዩ ሁለት ደንበኞችዎን ይዘው ይምጡ። የመርማሪውን ስምና የምርመራ መዝገብ ቁጥሩን ሳይጠይቁ አይውጡ። ጣቢያው እምቢ ካለ በላዩ የወንጀል ምርመራ ክፍል ኃላፊ አለ፤ ከዚያ የከተማው ፖሊስ መምሪያ፤ ከዚያ ባሕር ዳር የክልሉ ፖሊስ ኮሚሽን። ሰው አብዛኛውን ጊዜ መካከለኞቹን ዘልሎ ባሕር ዳር ይደርሳል፤ ደብዳቤው ተመልሶ እዚያው ጣቢያ ይመጣል።

ገንዘብ ስጥ ያልዎትን ሰው አይስሙት። የሰጠም የተቀበለም በሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 ይጠየቃል።

የአዘዞዋ (መጋቢት 5)

ውይይቱን ወደ ሌላ ጉዳይ እንዳልጎትተው ፈርቼ ነበር፤ ነገር ግን የእኔም ያው ሆነ። ሱቅ ልከራይ ስል አንድ ሰው ባለቤት ነኝ ብሎ ቤቱን ከፍቶ አሳየኝና 140,000 ብር ቀብድ ተቀበለኝ። ቁልፉን ልቀበል በቀጠረኝ ቀን ስሄድ ሁለት ሌሎች ሰዎች ለዚያው ሱቅ ከፍለው ቆመው አገኘሁ፤ እውነተኛው ባለቤት ደግሞ ሰውዬውን ከነጭራሹ አያውቀውም። ፖሊስ ጣቢያ ስንሄድ «ውል አላችሁ፤ ይህ የፍትሐ ብሔር ጉዳይ ነው፤ ፍርድ ቤት ክሰሱ» ተብለን ተመለስን። ውል ስላለ ወንጀል አይሆንም ማለት ነው?

ቀድሞ ዐቃቤ ሕግ (መጋቢት 5)

እመቤቴ፣ ውይይቱን አልጎተቱትም፤ በሥራ ዘመኔ በብዛት የሰማሁት የማሰናበቻ ቃል ይኸው «የፍትሐ ብሔር ነው» የሚለው ነበር። አንዳንዴ እውነት ነው። ሰው በቅን ልቦና ተዋውሎ ኋላ መክፈል ሲያቅተው ወንጀለኛ አይባልም፤ ፖሊስም የዕዳ ሰብሳቢ አይደለም። ልዩነቱ ያለው በመነሻው ላይ ነው። ያልሆነውን ሆኖ፣ የሌለውን መብት አለኝ ብሎ፣ በዚያ ውሸት ምክንያት ሰው ገንዘቡን እንዲያወጣ ያደረገ ሰው በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 692 በአታላይነት ይጠየቃል፤ ወረቀት መፈራረማችሁ የማታለያው መሣሪያ እንጂ መከላከያው አይሆንም። ባለቤቱ የማያውቀው አከራይ፣ ሦስት ተከራይ፣ አንድ ሱቅ። የማታለል ሐሳብ መኖሩን ለማሳየት ከዚህ የበለጠ ምን ይፈለጋል?

ሦስታችሁ በየግላችሁ ሳይሆን በአንድ ቀን፣ እያንዳንዳችሁ በየስማችሁ በተፈረመ ማመልከቻ ቅረቡ፤ የአንዷ ቃል ለሌላው ምስክር ይሆናል። የእውነተኛውን ባለቤት ቃል ማግኘት ደግሞ ከሁሉም ይበልጣል። ገንዘቡ በባንክ ከተላለፈ የባንኩን ማስረጃ አያይዙ።

የወንጀሉን መንገድ መያዝ የፍትሐ ብሔሩን አያስቀርም። ክሱ ፍርድ ቤት ከደረሰ በሥነ ሥርዓቱ ሕግ አንቀጽ 154 መሠረት የካሣ ጥያቄያችሁን እዚያው መዝገብ ላይ ማቅረብ ትችላላችሁ። በተናጠል የካሣ ክስ ብትመርጡም ይቻላል፤ ሰውዬው በወንጀል ነፃ ቢወጣ እንኳ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2149 መሠረት የካሣውን ጉዳይ የሚያየው ፍርድ ቤት በዚያ ነፃ መውጣት አይታሰርም። ብቻ ከውል ውጭ ኃላፊነት ላይ የተመሠረተ የካሣ ክስ በአንቀጽ 2143 በመሠረቱ በሁለት ዓመት እንደሚታገድ አይርሱ።

የቀበሌ ሽማግሌ (መጋቢት 6)

ልጆቼ፣ እኔ የሕግ ሰው አይደለሁም፤ በሰፈሬ ለሃያ ዓመት ሽማግሌ ሆኜ ሰው አስታርቄያለሁ። በአባቶቻችን ጊዜ ዕቃ የጠፋበት ሰው አገሩን በአፈርሳታ ያሰበስብ ነበር፤ ሌባው እስኪወጣ ሁሉም ተቀምጦ ይውላል። አሁን ተበዳዩ ብቻውን ይመላለሳል። አናጺውን የምጠይቀው፣ ልጁን የሚያውቁት ከሆነ ቤተሰቡን አስጠርተን ዕቃው ቢመለስ፣ የሕክምናውም ወጪ ቢከፈል አይሻልም ወይ? ካልሆነ ክሱ ሁልጊዜ አለ።

ቀድሞ ዐቃቤ ሕግ (መጋቢት 6)

አባቴ፣ ሐሳብዎን አከብራለሁ፤ በግል አቤቱታ በሚያስቀጡ ወንጀሎች እርቅን ሕጉም ይፈልገዋል። የምፈራው የመጨረሻዋን ዓረፍተ ነገር ነው። «ክሱ ሁልጊዜ አለ» የሚባለው ለድብደባው አይሠራም፤ ሽምግልናው ሁለት ሳምንት ከወሰደ መጋቢት 12 አልፎ ይሄዳል፤ የልጁ ወገኖችም ይህን ካወቁ ቀጠሮውን ሆን ብለው ያራዝሙታል። አቤቱታው መጀመሪያ ይግባ፤ ከዚያ ሽማግሌ ይቀመጥ። እርቁ ሲወርድ አቤቱታን ማንሳት ይቻላል። ስርቆቱ ላይ ግን ዕቃው ተመልሶ ተበዳዩ ቢረካም ክሱን ማንሳት በእርሱ እጅ አይደለም፤ ይህንንም ሽማግሌዎቹ ከወዲሁ ለሁለቱም ወገን ቢነግሩ ደግ ነው።

አናጺው (መጋቢት 10)

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ማመልከቻዬን የነፃ ሕግ ድጋፍ የሚሰጡ ልጆች በጥሩ ሁኔታ ጻፉልኝ። የጣቢያው መዝገብ ቤት መጀመሪያ «ኃላፊው የሉም» አለ። ኃላፊ መኖር ለገቢ ማኅተም እንደማያስፈልግ በትሕትና ስናገር ግን ተቀበለኝ፤ መጋቢት 7 ገቢ ሆኗል። የዐቃቤ ሕጉን ቅጂም በዚያው ቀን አስገባሁ። መርማሪ ተመድቦልኛል፤ ቃሌን ሰጥቼ፣ ተነቦልኝ ፈርሜያለሁ። ለሕክምና ማስረጃው ደብዳቤ ተጽፎልኝ ያከመኝ ተቋም በካርዴ ቁጥር ፈልጎ የስፌቱን ማስረጃ ሰጥቷል።

አንድ ጥያቄ ቀርቶኛል። ጣቢያው በመዘግየቱ የቀሩት ዕቃዎቼ ሳይሸጡ አልቀሩም። ለዚህ መንግሥትን ካሣ መጠየቅ ይቻላል? ወይስ እንባ ጠባቂ የሚባለው ይሻላል?

የሦስተኛ ዓመት ተማሪ (መጋቢት 10)

በመታረሜ ደስ ብሎኛል፤ ይህን ግን አጥንቼ ነው የምመልሰው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2126 የመንግሥት ሠራተኛ በጥፋቱ ያደረሰውን ጉዳት እንዲክስ ያዝዛል፤ ጥፋቱ የሥራ ጥፋት ከሆነ ተጎጂው መንግሥትን ራሱን መጠየቅ ይችላል። የሚከብደው ማስረጃው ነው፤ ጣቢያው በሰዓቱ ቢመዘግብ ኖሮ መሰርሰሪያዎቹና መጋዙ ይገኙ እንደነበር ማሳየት አለብዎት።

የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም በአዋጅ ቁጥር 211/1992 የተቋቋመ፣ በአዋጅ ቁጥር 1142/2011 የተሻሻለ ነው፤ ባሕር ዳር ቅርንጫፍ አለው፤ አቤቱታ ያለ ክፍያ ይቀበላል። የሚመረምረው የአስተዳደር በደልን ስለሆነ «ጣቢያው አቤቱታዬን አልመዘግብም ብሎ ሦስት ወር አጉላላኝ» የሚለው ጉዳይ ይመለከተዋል፤ ዕቃውን ማን እንደሰረቀ ግን አይወስንልዎትም። በፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይም አያይም።

መርማሪ ነኝ (መጋቢት 11)

መርማሪው አሁን እየሠራ ከሆነ የእንባ ጠባቂውን አቤቱታ ለጊዜው ቢያቆዩት ይሻላል ባይ ነኝ። መብትዎ ነው፤ ነገር ግን ጣቢያው መልስ ሲያዘጋጅ መዝገቡ ከመርማሪው ጠረጴዛ ይነሳል።

የአዘዞዋ (መጋቢት 11)

በዚህ አልስማማም። ሁላችንም «አሁን እየሠሩ ነው» እያልን ነው ይህን ያህል የቆየነው። የእኛ መዝገብ የተከፈተው ሦስታችን አንድ ላይ ሄደን፣ ግልባጩን ለዐቃቤ ሕግ ካስገባን በኋላ ነው። ዐቃቤ ሕጉ ራሱ ለጣቢያው ደብዳቤ ጻፈ።

አናጺው (ግንቦት 15)

ብዙ ቀን ቆይቼ ነው የተመለስሁት። በድብደባው ክስ ተመሥርቶ ልጁ ቀርቧል። በስርቆቱ ግን ዐቃቤ ሕጉ «በቂ ማስረጃ የለም» ብሎ ክስ እንደማያቀርብ የሚገልጽ ደብዳቤ ትናንት፣ ግንቦት 14፣ ሰጠኝ። ልጁ መላጊያውን ከማያውቀው ሰው ገበያ ላይ እንደገዛው ተናግሯል። መላጊያው ራሱ ከቤቱ ተይዟል፤ ፊደሉ አለበት።

ቀድሞ ዐቃቤ ሕግ (ግንቦት 15)

ደብዳቤውን የተቀበሉበትን ቀን በፊርማዎ አጠገብ መጻፍዎን ያረጋግጡ። ስርቆት በግል አቤቱታ የሚያስቀጣ ስላልሆነ ዐቃቤ ሕጉ የግል ክስ እንዲያቀርቡ አይፈቅድልዎትም፤ ነገር ግን የሥነ ሥርዓቱ ሕግ አንቀጽ 44 ንዑስ አንቀጽ 2 ውሳኔው በደረስዎ በ15 ቀን ውስጥ፣ ዐቃቤ ሕጉ ክስ እንዲያቀርብ ትእዛዝ ይሰጥልኝ ብለው ለፍርድ ቤት እንዲያመለክቱ ይፈቅዳል። ግንቦት 29 የመጨረሻ ቀንዎ ነው ብለው ይያዙ። በተግባር ሰዎች መጀመሪያ ለበላይ ዐቃቤ ሕግ ቅሬታ ያቀርባሉ፤ እርስዎም ያቅርቡ፤ ነገር ግን የእርሱን መልስ ሲጠብቁ 15 ቀኑ እንዳያመልጥዎት ሁለቱን ጎን ለጎን ያስኪዱ።

በቅሬታዎ ላይ ስርቆቱን ብቻ አይጻፉ። ልጁ በሩን ስለመገንጠሉ ምስክር ባይኖርም፣ የሌላ ሰው ምልክት የተተኮሰበትን መሣሪያ ከማይታወቅ ሰው መግዛቱን ራሱ አምኗል፤ ባለቤቱ ሲጠይቀው ደግሞ መልሱ በመዶሻ እጀታ መምታት ነበር። የተሰረቀ መሆኑን እያወቀ ወይም ማወቅ ሲገባው ዕቃ የተቀበለ ሰው ራሱን በቻለ ወንጀል ይጠየቃል። በዚህ ነጥብ ላይ ተጨማሪ ምርመራ እንዲታዘዝ ይጠይቁ፤ ከድብደባው መዝገብም የምስክሮቹ ቃል ግልባጭ ይያያዝ።

አናጺው (ግንቦት 17)

ሁለቱንም ዛሬ ጧት ገቢ አስደርጌአለሁ። የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ማመልከቻዬን አይቶ ቅጂውን ሳልጠይቀው ማኅተም መታልኝ።